«ቤቶች!» የሚባልበት በር

ቀኝ እጄ በጄሶ ታስሯል፤ የምጽፈው በግራዬ ነው። ፊደሎቼ እየተጋደሙ አንዱ በሌላው ላይ ይወድቃሉ፤ አንድ ገጽ ሳልሞላ ሻዬ ይቀዘቅዛል። እጄን የሰበረው ልጄ ነው፣ አባቱ በተወለት የፌሮ ቁራጭ። ሊመታ የተነሳው ግን እኔን አልነበረም። በራችንን ያንኳኳውን ሰው ነበር።

ባሌን ከቀበርን ወዲህ ዒዳዬን ይዤ ተቀምጫለሁ። ጊዜው እስኪሞላ ከግቢ አልወጣም፤ ስለዚህ ቀኑን ሙሉ ፊቴ ወደዚያ በር ነው። አረንጓዴ የብረት በር ነው። ፊት ለፊት የሚተያዩ ሁለት ዓሣዎች ተበይደውበታል። ከዓሣዎቹ በታች፣ በሰው ሆድ ቁመት ላይ፣ ጥይት ያለፈባቸው ቀዳዳዎች አሉ። ሐርጌሳ ውስጥ ጥይት የበሳው ነገር ብርቅ አይደለም። እኛ ባለንበት በአሕመድ ዳጋህ ሰፈር ሰው የተበሳ ግድግዳውን ለስኖ፣ ቀለም ቀብቶ ሱቅ ከፍቶበታል። ብረት ግን ልስን አይዝም። ጠዋት ፀሐይ ስትወጣ ብርሃኑ በቀዳዳዎቹ ገብቶ ሲሚንቶው ላይ ይበተናል፤ ባሌ በሕይወት ሳለ ያንን ብርሃን ረግጦ አያውቅም፣ ዞሮት ነበር የሚሄደው።

እኔ በዚህ በር እየወጣሁ እየገባሁ ነው ያደግሁት። ይህን ስናገር የሰፈራችን ሴቶች አያምኑኝም፤ ያደግሁት ጅግጅጋ ነውና።

አባቴ የወሎ ሰው ነበር፤ ጅግጅጋ ገበያ ቆርቆሮና ሚስማር ይነግዳል። ከድንበሩ ማዶ ጦርነት በነበረበት ጊዜ ገበያው በሰው ቤት ተሞላ። ቤቱ ተፈታትቶ ነበር የሚመጣው፤ ጣሪያው ለብቻ፣ መስኮቱ ለብቻ፣ የሽንት ቤት መቀመጫው ለብቻ። «ከየት ነው?» ብሎ የሚጠይቅ ነበር፤ የሚመልስ ግን አልነበረም። አባቴ ይህን በር ገዝቶ ከግቢያችን ላይ ገጠመው። በልጅነቴ ጣቴን በቀዳዳዎቹ እየሰደድኩ መንገደኛ እጎነትል ነበር። ምን እንደበሳው ስጠይቀው አባቴ «ምስጥ ነው» ይለኛል። ምስጥ ብረት እንደማይበላ የገባኝ ትምህርት ቤት ከገባሁ በኋላ ነው፤ ያኔ ደግሞ መጠየቁን ትቼዋለሁ።

ባሌን ያወቅሁት እዚያው ትምህርት ቤት ነው። ከስደተኞች ሰፈር እየተመላለሰ በአማርኛ የተማረ የሐርጌሳ ልጅ ነበር፤ ዝምተኛ፣ እጁ ሥራ የሚወድ፣ የተበላሸ ራዲዮ ካየ የማያልፍ። ሊያገባኝ ሲፈልግ ሽማግሌ ላከ። እሱ እንደ ወጉ መምጣት አልነበረበትም፤ ሽማግሌዎቹ ግን አማርኛ አይችሉም፣ አባቴ ደግሞ ሶማሊኛው የገበያ ብቻ ነው። ስለዚህ ለራሱ ጋብቻ አስተርጓሚ ሆኖ መጣ።

ሽማግሌዎቹ ገቡ፤ እሱ ደጅ ቀረ። ወንድሜ ከሱቅ ሲመለስ አንድ ሰው በራችን ሥር ተንበርክኮ ዓሣዎቹን በመዳፉ እየደባበሰ ሲያለቅስ አገኘው። እብድ መሰለው። «ተነስ ከዚህ!» ብሎ በያዘው ዱላ ትከሻውን አቀመሰው። በኋላ ባሌ የሆነው ይህ ሰው ዘሎ አነቀው። ሽማግሌዎቹ ወጥተው እስኪገላግሏቸው ድረስ የወንድሜ ጥርስ ወልቋል፣ የእሱ ቅንድብ ተሰንጥቋል።

«የአባቴ በር ነው» አለ ደሙን እየጠረገ። «ዓሣዎቹን ሲበይድ ብረቱን የያዝኩለት እኔ ነኝ።»

አባቴ መሬት ላይ ተቀመጠ። ከዚያ «ልጄንም ውሰድ፣ በሩንም ውሰድ» አለ። ይህንንም ለሽማግሌዎቹ የተረጎመላቸው፣ ደም በደም እንደሆነ፣ ባሌ ራሱ ነው።

እንዲህ ሆኖ በአይሱዙ ላይ ከበር ጋር ተጭኜ ሐርጌሳ ገባሁ። የባሌ ታላቅ እህት ከመንገዱ ዳር ቆማ ተቀበለችን። ከስደት ዘመኗ የቀረ አማርኛ አላት፤ ለስድብ በቂ ነው።

«አንቺ ሐበሻ» አለችኝ፣ «ሌላ ሙሽራ ወርቅ ይዛ ትመጣለች። አንቺ የአባቴን ሞት ይዘሽ መጣሽ።»

«በር ሰው አይገድልም» አልኳት።

«አያድንምም።»

ከዚያን ቀን ጀምሮ በዚህ በር ስትገባና ስትወጣ ቀሚሷን ትሰበስባለች፤ ብረቱ እንዳይነካት።

በሩ ላይ የሆነውን ባሌ የነገረኝ በተጋባን ሰሞን ነው፤ አንድ ጊዜ ብቻ፣ የሰው ፍሪጅ እየጠገነ፣ ፊቱን ወደ ሞተሩ አድርጎ። ልጅ ነበር። የገዛ መንግሥታቸው ወታደሮች ከቤት ቤት እየዞሩ ወንዶችን ይለቅሙ ነበር። እነሱ ቤት ሲደርሱ በሩን በሰደፍ አልደበደቡም፤ በጣት አጥንት፣ እንደ ጎረቤት፣ ረጋ ብለው አንኳኩ። ልጁ የአጎቱ ልጅ መስሎት ሮጦ ከፈተ። አባቱ ከኋላ ደርሶ ልጁን በአንድ እጁ ወረወረውና በሩን መልሶ በጀርባው ዘጋው። እነሱም በበሩ ላይ ተኮሱ። ሰውየው በሩን ተደግፎ እንደተቀመጠ ሞተ፤ ወታደሮቹ ቢገፉ ቢገፉ ሬሳው አላስከፈታቸውም። ሰለቻቸውና ወደሚቀጥለው ቤት ሄዱ። እናትየው ሁለቱን ልጆች፣ እሱንና እህቱን፣ በጓሮ አጥር አሻግራ ይዛቸው ወጣች፤ ከተማውን የሚደበድቡት አውሮፕላኖች ከከተማው ከራሱ አየር ማረፊያ ነበር የሚነሱት፤ እሷም መንገድ ላይ ተመትታ ቀረች። ሁለቱ ልጆች ድንበሩን በእግራቸው ተሻገሩ።

«እኔ ነኝ የከፈትኩት» አለኝ። ከዚያ የፍሪጁ ሞተር ተነሳና እንደ ልማዱ ኳ ኳ አለ፤ ባሌ ፈገግ አለ። ያ ድምፅ ብቻ አያስፈራውም ነበር።

የሰው ማንኳኳት ግን ሌላ ሰው ያደርገዋል። ፌሮው ከበሩ ጀርባ ይቆማል። አንድ ሰው ካንኳኳ ምግቡን ይደፋል፣ ሶላቱን ያቋርጣል፣ ፌሮውን ይዞ ይወጣል፤ ዓይኑ ማንንም አያይም። ስለዚህ አንድ ዘዴ ዘየድኩ። በእኛ አገር ሰው ደጅ ላይ ይቆምና «ቤቶች!» ብሎ ይጣራል። ይህን ለሰፈሩ ሁሉ አስተማርኩ። ውሃ በጋሪ የሚያመጣው ሰው፣ ጫት ሻጯ፣ የመስጊዱ ኢማም ሳይቀሩ አማርኛ የማያውቅ ሁሉ ከበራችን ፊት ቆሞ «ቤቶች!» ይላል። ልጆች ቤታችንን ራሱን «ቤቶች» ይሉታል። እንግዳ ሰው ቤታችንን ሲጠይቅ «እንዳታንኳኳ» ይባላል፤ አድራሻችን ይህ ነው።

ሁሉም ሰው ግን አይነገረውም። አንድ ዓመት ለዒድ አል አድሓ፣ ከኋላችን ያለውን ቤት ገና የተከራየ ጎረቤት የእርዱን ሥጋ በሳህን ይዞልን መጣ። አንኳኳ። እኔ ጓዳ ነበርኩ። ስወጣ ሥጋው መሬት ላይ ተበትኗል፣ ሰውየው ፊቱን በሁለት እጁ ይዟል፣ በጣቶቹ መሃል ደምና ሌላ ነገር ይወርዳል። ባሌ ፌሮውን እንደያዘ ሥጋውን እያየ «ይህ ምንድን ነው? ይህ ምንድን ነው?» ይላል። የጎረቤታችን ዓይን ጠፋ። የሁለቱም ወገን ሽማግሌዎች ተቀምጠው በካሣ አስታረቋቸው። ባሌ እስኪሞት ድረስ ያን ሰው ቀና ብሎ አላየውም። ሰውየው ግን ይመጣ ነበር፤ ሰፈሩ ውስጥ «ቤቶች!»ን እንደ እሱ የሚጮኽ የለም። ቁጭ ብሎም ይቀልዳል፦ «ወላሂ ግማሽ ነው የቀረልኝ። የሚስቴንም እርጅና በግማሽ ነው የማየው።» እኛ ስንስቅ ባሌ ተነስቶ ይወጣል።

ልጄም ተመትቷል። መድረሳ ይማር በነበረበት ዕድሜ፣ አንድ ቀን ከጓደኞቹ ጋር እየሮጠ ደረሰና ረሳው፤ የገዛ ቤቱን በር በትንሽ ጡጫው አንኳኳ። አባቱ ከፍቶ ጎትቶ አስገባው፤ ቀበቶውን ፈትቶ እስኪደክመው ገረፈው። እኔ ከላዩ ላይ ተኝቼ ነው ያስጣልኩት፤ የቀበቶው ዘለበት የእኔንም ጆሮ ከፍሎታል። ከዚያ ባሌ ውሃ አሞቀ። ልጁን እንደ ሕፃን አጠበው፤ የገረፈውን ጀርባ እየሳመ «ለምን ታንኳኳለህ? ለምን?» እያለ አብሮት አለቀሰ። ልጄ ከግርፋቱ ይልቅ ያንን እጥበት የሚረሳ አይመስለኝም። ከዚያ ወዲህ ማንኳኳት ሲሰማ ከአባቱ ቀድሞ ይነሳል፤ ሲያድግም ሁለቱ እየተጋፉ ነበር የሚወጡት።

ባሌን የገደለው ማንም አይደለም። ነፋስ ነው። የጎረቤት የተገነጠለ ቆርቆሮ በራችን ላይ እየመጣ ይመታ ነበር። ምሳ ላይ ነበርን። ሩዙን እንደጎረሰ ተነሳ፣ ፌሮውን ያዘ፣ በሩን በረገደው። ሰው የለም። ግራ አየ፣ ቀኝ አየ፤ «ውጣ!» ብሎ ለባዶ መንገድ ጮኸ። ከዚያ በአንድ ጎኑ ወደቀ፤ የአፉ ግማሽ ተጣሞ የጎረሰው ሩዝ አገጩ ላይ ወረደ። «ደም ግፊት ነው» አሉ ሐኪሞቹ። ኢና ሊላሂ ወኢና ኢለይሂ ራጂዑን። በለቅሶው ቀናት በሩ ወለል ብሎ ተከፍቶ ዋለ፤ ሰው ዝም ብሎ ይገባል፣ ዝም ብሎ ይወጣል። አንድ ቀን ጠዋት ግን ልጄ ተነስቶ ዘጋው፤ ፌሮውን ከወደቀበት አንስቶ፣ ጠርጎ፣ ከቦታው አቆመው። ያን ጊዜ ነው ባሌ ከሞተ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ የፈራሁት።

የውሃ ቆጣሪ አንባቢው አዲስ ልጅ እግር ሠራተኛ ነበር። ልጄ ከምሳ በኋላ ጋደም ብሏል። እኔ ሩዝ እለቅማለሁ። በሩ በጣት አጥንት ተንኳኳ፣ ረጋ ተብሎ። ልጄ ዓይኑ በቅጡ ሳይገለጥ ወጣ፤ መቀርቀሪያውን በአንድ እጁ ስቦ ፌሮውን በሌላው አነሳ። «ቆጣሪ ነው! ቆጣሪ!» ይላል ሰውየው። ሮጬ መሃል ገባሁና እጄን ዘረጋሁ። አጥንቴ ሲሰበር ድምፁን የሰማሁት ሕመሙ ሳይሰማኝ በፊት ነው፤ እንደ ደረቅ ማገዶ ነበር። ቆጣሪ አንባቢው አንድ ጫማውን ትቶ ፈረጠጠ። እኔ በሩን ተደግፌ ወርጄ ተቀመጥኩ።

ልጄ አጠገቤ ተንበረከከ። የተንጠለጠለውን እጄን አየ። ፌሮውን አሁንም ይዟል።

«እማዬ» አለ፣ «ማን ነው የመታሽ?»

ባሌን አፈር ወስዶታል፤ አልከራከርም። ይህ ልጅ ግን ነገ ያገባል፣ ይወልዳል። የእሱም ልጅ አንድ ቀን ከመድረሳ እየሮጠ መጥቶ ያንኳኳል። ጄሶው እስኪደርቅ ድረስ ሆስፒታል ተቀምጬ የማስበው ይህን ብቻ ነበር።

ስመለስ ሁለት ነገር አደረግሁ። ፌሮውን ለቁራሌው ሰጠሁት። ከዚያ የባሌን እህት አስጠራሁና፣ በሩን የሚነቅል በያጅ ከዳሚ ሰፈር ላስመጣ መሆኔን ነገርኳት።

«የአባቴን ሬሳ የተሸከመውን በር?» አለች።

«አባትሽ ልጁን ሊያድን ነው የተደገፈው። አሁን በሩ የልጁን ልጅ እየበላው ነው።»

«አንቺ ምን ታውቂያለሽ? ጣትሽን እየሰደድሽ የተጫወትሽበት!»

ነጭ ሻሼን ከራሴ ላይ ነጠቀችኝ። የኀዘን ሻሽ ነው። ይህን ያህል ዓመት ስንሰዳደብ እጇን አንስታብኝ አታውቅም ነበር። እኔም ባልተሰበረው እጄ ክንዷን ጨመደድኩት፤ ጥፍሬ እስኪገባ። ሁለት ትልልቅ ሴቶች እየተጓተትን ሳለ ልጄ ከክፍሉ ወጣ።

«ኤዶ፣ ተይ» አላት፤ የአባት እህት በሶማሊኛ ኤዶ ነው የምትባለው። «እማዬ፣ አንቺም ተይ። ብትነቅሉትም ለውጥ የለውም። ትናንት አንድ ሱቅ ተቀምጬ በሩ ሲንኳኳ ወንበር ይዤ ተነስቻለሁ። የሰው በር ነው። የማላውቀው ሰው በር።» እጆቹን ብብቱ ሥር ሸሸጋቸው። «ይህን የት ነው የምትነቅሉት?»

እህትየው ለቀቀችኝ። ሻሹን መልሳ ራሴ ላይ ጣል አደረገችልኝ። ከዚያ ወጣች፤ እንደ ልማዷ ቀሚሷን ሰብስባ። የሄደች መስሎኝ ነበር።

«ዝጉት» አለች ከውጭ። «ቀርቅሩት።»

ልጄ ቀረቀረው። አንኳኳች።

ያን በር በሕይወት ዘመኗ ስትነካው አላየሁም። መጀመሪያ ረጋ ብላ፣ በጣት አጥንት፣ እንደ ጎረቤት። እንደነዚያ ወታደሮች። የምታውቀው እሷ ናት፤ የሰማችው እሷ ናት። የልጄ ፊት አመድ ሆነ። እጁ ከበሩ ጀርባ ወደ ባዶው ቦታ ሄደ፤ ፌሮው የለም። ወደ ጓዳ ሮጦ ዘነዘናውን ይዞ ተመለሰ። እኔ በዚህ ጊዜ መሃል አልገባሁም። አንድ እጅ ነው የቀረኝ፤ ደግሞስ ዕድሜ ልክ መሃል መግባት ማንን አዳነ?

አሁን በጡጫ ትመታለች። «ክፈት!» ትላለች። «ና ምታኝ! አባትህ የሰው ዓይን አወጣ፣ አንተ የእናትህን እጅ ሰበርክ፣ ተራዬ ነው፣ ክፈት!» በቀዳዳዎቹ ቀሚሷ ሲወዛወዝ ይታየኛል።

ከፈተው። ዘነዘናው ከራሱ በላይ ነበር። እሷ ፊቷን አልከለለችም፤ የጣቶቿ አንጓ ተልጦ ደም ይወርዳል። ልጄ ጮኸና በሩን መታው። ደገመው። ዘነዘናው ብረቱን እያሰረጎደ፣ ቀለሙ እየተፈረፈረ፣ ክንዱ እስኪዝል መታው፤ የአንዱ ዓሣ ጅራት ተገንጥሎ እግሯ ሥር ወደቀ። «አባቴን! አባቴን!» ይላል። ስለ የትኛው እንደሚናገር አላውቅም፤ በሩ ላይ ስለገደሉት አያቱ ይሁን ስለገረፈው አባቱ።

«በቃህ?» አለችው።

«አልበቃኝም።»

«ቀጥል እንግዲህ። የአባቴ ነው፣ ፈቅጃለሁ።»

በዚህ መሃል ከመንገዱ ማዶ ያ ድምፅ መጣ፤ አንድ ዓይና ጎረቤታችን።

«ቤቶች! ቤቶች! ምን እየፈረሰ ነው? ልግባ ወይስ አንዷን ዓይኔን ይዤ ልመለስ?»

ልጄ ዘነዘናውን ጣለው። ሳቀ፣ ከዚያ ሳቁ ተበላሸና ደፉ ላይ ተቀመጠ። እህትየው አጠገቡ ተቀመጠች፤ የተላጠ እጇን ጭኗ ላይ ዘርግታ። ጎረቤታችን የወደቀውን የዓሣ ጅራት አንስቶ ገልበጥ ገልበጥ አድርጎ አየውና ለእሷ ሰጣት።

በያጁን አላስመጣሁም። ሰርጉዶም ቢሆን በሩ አለ። እህትየው ግን ከዚያ ወዲህ ከዐስር ሶላት በኋላ፣ ገና ፀሐይ ሳለ፣ በየቀኑ ትመጣና ታንኳኳለች። «ቤቶች» አትልም። መጀመሪያ ሰሞን ልጄ በጓሮ አጥር ዘሎ ወጣ፤ ማታ ነው የተመለሰው። ሌላ ቀን ሽንት ቤት ገብቶ አስመለሰ። አንድ ቀን በጥፊ መታኝ፤ እኔ መሆኔን አላወቀም፤ ሲያውቅ ግንባሩን ከግድግዳው ጋር አጋጨ፣ ደሙን የጠረግሁት በግራ እጄ ነው። «ይቅርብን» አልኳት ለእሷ። «አይቀርም» አለች። «እኔስ ለማን ብዬ ነው የማንኳኳው?»

ዛሬ ከዐስር በኋላ ተንኳኳ። ልጄ ግቢው ውስጥ የሰው ፍሪጅ ፈታትቶ ተቀምጧል። መፍቻው ከእጁ ወደቀ። ተነሳ። ዘነዘናውን በዓይኑ ፈለገ፤ አየሁት፣ አገኘውም፣ ከጓዳው ደጃፍ ላይ ነበር። እጆቹን ብብቱ ሥር አደረገ። ትንፋሹ እዚህ ድረስ ይሰማኛል። ወደ በሩ ሄዶ አንድ ክንድ ያህል ሲቀረው ቆመ።

እንደገና ተንኳኳ።

«ማን ነው?» አለ።

በዚህ ቤት እንዲህ ብሎ የጠየቀ ሰው አልነበረም።

«ማን ይሆናል?» አለች ከውጭ፣ በደረቅ ድምፅ። «ኤዶህ ነኝ። ፀሐዩ ገደለኝ፣ ክፈት እንጂ።»

መቀርቀሪያውን ይዞ ብረቱን ከብረት ጋር እያንቀጫቀጨ ብዙ ቆየ። ከፈተላት።